ከትብሊሲ እስከ ዬሬቫን፦ የአርሴማን አገር ለማየት የግል አስጎብኚ ጥቆማ

ሰሞኑን ብዙ ሰው «ጆርጂያንና አርሜንያን በአንድ ጉዞ ለማየት ማንን እንያዝ?» እያለ ጠይቆኛል። ከዱባይ የሚነሱ አሉ። ከአሜሪካ እናታቸውን ይዘው ለመምጣት የሚያስቡም አሉ። ለእያንዳንዱ ለየብቻ ከምመልስ አንዴ በደንብ ልጻፈው። እኔ ሁለት ጊዜ ሄጃለሁ። መጀመሪያ ከጓደኞቼ ጋር፣ ቀጥሎ ከእማዬና ከእህቴ ጋር። መንገዱ ያው ነው። ጉዞዎቹ ግን የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃሉ። ያራራቃቸው አስጎብኚው ነው።

መልሴን ላስቀድም። አቅማችሁ ከፈቀደ ለየአገሩ የየአገሩን ሰው ያዙ። ጆርጂያን ጆርጂያዊ፣ አርሜንያን አርመናዊ ያሳያችሁ። ድንበር ላይ ከአንዱ ወደ ሌላው ተሸጋገሩ። ለመኪናው ቅንጦት ከምትከፍሉ ለሰውየው እውቀት ክፈሉ።

ይህን መንገድ ለምን እንደምወደው ልንገራችሁ። ስባ አርሴማ የሄደ፣ መስከረም 29ን ቆጥሮ የሚጠብቅ ሰው በመካከላችን ብዙ ነው። ያቺ ቅድስት አርሴማ ከዲዮቅልጥያኖስ ሸሽታ የሄደችው ወደ አርሜንያ ነው። ሰማዕትነት የተቀበለችውም እዚያው ነው። እነሱ ህሪፕሲሜ ይሏታል። ገድሏ ላይ ድርጣድስ የሚባለው ንጉሥ የእነሱ ትርዳት ነው። መቃብሯ ከዬሬቫን አጠገብ በኤችሚያዚን ከተማ፣ በ618 በተሠራ ቤተ ክርስቲያን ሥር ይገኛል (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ለጆርጂያ ክርስትናን ያመጣችው ቅድስት ኒኖ ደግሞ በጥንቱ ትውፊት ከአርሴማ ጋር ከተሰደዱት ደናግል አንዷ ናት። ከሰይፍ አምልጣ ወደ ሰሜን ሄደች ይላሉ። ስለዚህ ሁለቱን አገር የሚያገናኘው የመኪና መንገድ ብቻ አይደለም። አንድ ታሪክ ነው።

አሁን ወደ መጀመሪያው ጉዞዬ። «ሁለት አገር በአንድ ጥቅል» የሚል ድርጅት ያዝን። ስሙን አልጠራም። ከትብሊሲ ተነስቶ እስከ መጨረሻው አብሮን የሚሄድ አንድ አስጎብኚ ሰጡን። ልጁ ትብሊሲ ላይ ጎበዝ ነበር። ድንበሩን እንደተሻገርን ግን ወሬው አለቀበት። ገዳም ደጃፍ ላይ ያወርደንና «20 ደቂቃ አላችሁ» ይለናል። ምንጣፍ መሸጫ ውስጥ ግን ከአንድ ሰዓት በላይ ተቀመጥን። አርሴማ ጋ የቆየነው ሩብ ሰዓት ነው። ሻማ አበራሁ፣ ፎቶ አነሳሁ፣ ወጣሁ። መቃብሯ ከመንበሩ ሥር እንደሆነና በጠባብ ደረጃ እንደሚወረድ ያወቅኩት ዱባይ ከተመለስኩ በኋላ ነው። ያን ቀን ለእማዬ በስልክ ስነግራት ዝም አለች። ሁለተኛውን ጉዞ ያሰብኩት ያኔ ነው።

አማራጮቹን ላነጻጽርላችሁ።

በጣም ርካሹ ማርሽሩትካ ነው። የእኛ ሚኒባስ ማለት ነው። ከትብሊሲ ዬሬቫን ወደ 280 ኪሎ ሜትር ነው፤ ድንበሩን ጨምሮ አምስት ስድስት ሰዓት ይፈጃል። ለመድረስ ብቻ ከሆነ ይበቃል። መንገድ ላይ ያለውን ሁሉ ግን በመስኮት ታልፉታላችሁ። የሌሊት ባቡርም አለ፤ በእሱ መስኮቱም የለም፣ ጨለማ ነው።

ብቻውን ለሚጓዝ ሰው ኤንቮይ የሚባለው አስጎብኚ ድርጅት የአንድ ቀን ጉዞ ጥሩ ነው። ከአንዱ ከተማ ወደ ሌላው በቡድን እየወሰደ ገዳማቱን ያሳያል። አስጎብኚ አለው፤ ዋጋው በሰው ነው። ሰዓቱ ግን የቡድኑ ነው። አንድ ቦታ ልቆይ፣ ልጸልይ ብትሉ ሌሎቹ መኪና ውስጥ ይጠብቋችኋል።

ጎትሪፕ የሚባለው የጆርጂያ መተግበሪያ ደግሞ ኮንትራት መኪና ነው። ሹፌሩን፣ መኪናውን፣ የሚናገረውን ቋንቋና ዋጋውን አይታችሁ ትመርጣላችሁ። የሚከፈለው በመኪና ስለሆነ ሦስት አራት ሆናችሁ ስትካፈሉት ይቀላል። ባሻችሁ ቦታ ያቆማል። አንድ ነገር ግን እወቁ፦ ሹፌር አስጎብኚ አይደለም። አንዳንዱ ብዙ ያውቃል፤ ግዴታው ግን መንዳት ነው። የገዳሙን ታሪክ ካልነገራችሁ አትቀየሙት።

ዬሬቫን ከገባችሁ በኋላ ሃዩር ሰርቪስ የሚባለው አስጎብኚ ድርጅት በየቀኑ የሚነሱ አውቶቡሶች አሉት። ጌጋርድ፣ ጋርኒ፣ ሖር ቪራፕ፣ ሴቫን ሐይቅ ሁሉም በፕሮግራሙ ውስጥ አሉ። ለብቻችሁ መኪናና አስጎብኚ መያዝም ትችላላችሁ። በጀት ለጠበበበት ሰው የምመክረው ይህን ነው፦ ከትብሊሲ በጎትሪፕ መምጣት፣ ዬሬቫን ላይ አንድ ሁለት ቀን በአውቶቡስ፣ ለኤችሚያዚን ቀን ብቻ የግል አስጎብኚ።

እኛ ለእማዬ ስንል በሁለቱም አገር የግል አስጎብኚ ያዝን። በጆርጂያ በኩል ያገኘናቸው በስልሳዎቹ ውስጥ ያሉ ሴት ነበሩ። ጡረታ የወጡ የታሪክ መምህር። ከእማዬ ጋር ቋንቋ ሳይኖራቸው ተግባቡ። መጀመሪያ የወሰዱን ትብሊሲ ውስጥ ወደ ሲዮኒ ካቴድራል ነው። የኒኖ መስቀል ያለው እዚያ ነው። ከወይን ሐረግ ሠርታ በገዛ ጸጉሯ ያሰረችው ይባላል፤ ክንዶቹ ወደ ታች ዘንበል ያሉ ናቸው። ከዚያ ምጽኼታ። ከፍታው ላይ ያለው የጅቫሪ ገዳም አራግቪና ምትክቫሪ የሚባሉት ወንዞች የሚገናኙበትን ቦታ ቁልቁል ያያል። የሁለቱ ውሃ ቀለም ስለሚለያይ መጋጠሚያው በዓይን ይታያል። ሴትየዋ እዚያ ቆመው ንጉሥ ሚርያን በ4ኛው ክፍለ ዘመን እንዴት እንዳመነ ሲተርኩ እማዬ «የእኛ ኢዛናም በዚያ ዘመን ነው በያት» አለችኝ። ተረጎምኩላቸው። ማስታወሻ አውጥተው ጻፉት። አስጎብኚ ብዬ የምጠራው እንዲህ ያለውን ሰው ነው፤ የሚነግራችሁም የሚሰማችሁም።

በማግስቱ ካኼቲ ሄድን። የኒኖ መቃብር ያለበት የቦድቤ ገዳም እዚያ ነው። ጠበልም አለው፤ መውረጃው ግን ቁልቁለት ነው፣ ጉልበት ለሚያመው ሰው ይከብዳል። ካኼቲ የወይን አገር ነው። ክቬቭሪ የሚሉትን ጋን የሚያክል የሸክላ ዕቃ እስከ አንገቱ መሬት ውስጥ ቀብረው ወይኑን እዚያ ይጠምቃሉ። ዩኔስኮ ይህን ዘዴ በ2013 መዝግቦታል። ጠጅ የሚጥል ቤተሰብ ያለው ሰው ቢያየው ደስ ይለዋል።

ድንበሩ ሳዳኽሎ ይባላል። መንገደኛ ከመኪና ወርዶ ሻንጣውን እየጎተተ በእግሩ ነው የሚያልፈው። የአርሜንያው ልጅ በማዶ ቆሞ ጠበቀን። የእማዬን ቦርሳ ተቀብሎ ትከሻው ላይ ሲያደርገው «ልጄ» አለችው። እስከ መጨረሻው ስሙ እሱ ሆነ።

ከድንበሩ ብዙም ሳትርቁ ሀግፓትና ሳናሂን አሉ። በ10ኛው ክፍለ ዘመን የተመሠረቱ ገዳማት ናቸው። የግድ ቁሙ። ሳናሂን የሚግ ጀትን የሠራው የአርቴም ሚኮያን የትውልድ መንደር ነው። ሙዚየሙ ደጃፍ ላይ ሚግ ቆሟል። የአየር ኃይል ሰው በቤታችሁ ካለ ፎቶ ላኩለት።

ጌጋርድ ላይ ግን ልቆይ። ከአለት የተፈለፈለ ገዳም ነው። አለት ውስጥ የተቀረጹት ክፍሎች የ13ኛው ክፍለ ዘመን ሥራ ናቸው፤ ከላሊበላ ጋር ተቀራራቢ ዘመን ማለት ነው። ግዝፈቱ እንደ ላሊበላ አይደለም። ጨለማው፣ ቅዝቃዜው፣ ከላይ በአንድ ቀዳዳ የሚገባው ብርሃን ግን ያው ነው። አንደኛው ዋሻ ውስጥ ከአለቱ የሚወጣ ምንጭ አለ። ሰው እየጠጣ ፊቱን ይታጠባል። እማዬ ማንም ሳይነግራት «ጠበል ነው» አለች። ጫማዋንም በር ላይ አውልቃ ነበር። ልጁ እነሱ ጋ ጫማ እንደማይወልቅ ነገራት፤ እሷ ግን በካልሲ ገባች። ሲወጡ ደግሞ አርመኖቹ ጀርባቸውን ለመንበሩ ሳይሰጡ የኋሊት ይራመዳሉ። እሷም እንደነሱ ወጣች።

ኤችሚያዚንን ለእሑድ አድርጉት። ካቴድራሉ ለዓመታት እድሳት ላይ ቆይቶ በ2024 ዳግም ተባርኳል። አርመኖች የኬልቄዶንን ጉባኤ ካልተቀበሉት እህት አብያተ ክርስቲያናት አንዷ ናቸው። በ1965 ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ አዲስ አበባ ላይ ጉባኤ ሲጠሩ ካቶሊኮሳቸው ቫዝጌን መጥተው ነበር። መቁረብ ለሚፈልግ ሰው ግን መልሱ ያለው የነፍስ አባቱ ጋ ነው፤ ከመነሳታችሁ በፊት ጠይቁ። የጆርጂያ ቤተ ክርስቲያን ኬልቄዶንን የተቀበለች ስለሆነች የእሷ ነገር ሌላ ነው።

ከቅዳሴ በኋላ ወደ አርሴማ ሄድን። ልጁ አስቀድሜ ስለጻፍኩለት ቀሪውን ቀን ባዶ አድርጎታል። ደረጃውን እሱ ቀድሞ ወረደ፤ ከዚያ የእማዬን እጅ ይዞ አወረዳት። ክፍሉ ትንሽ ነው። ነጠላዋን አስተካከለች። ድንጋዩን ተሳለመች። ከዚያ «ልጆቼን ይዤልሽ መጣሁ» አለቻት፣ ጎረቤቷን እንደምታናግር። ከአንድ ሰዓት በላይ ቆየን። ልጁ ሰዓቱን አንዴም አላየም።

ለዬሬቫን ከተማ አንድ ሙሉ ቀን ስጡ። ማቴናዳራን የሚባለው የብራና ቤት አያምልጣችሁ። በግዕዝ የተጻፉም ብራናዎች አሉት። ደጃፉ ላይ በ405 ፊደላቸውን የቀረጸው የማሽቶትስ ሐውልት አለ። ፊደሎቹን ስታዩ ሀ እና በ የሚመስሉ ታገኛላችሁ። የዘር ጭፍጨፋው መታሰቢያም እዚያው ከተማ ኮረብታ ላይ ነው። ከ1915ቱ እልቂት የተረፉ 40 ወላጅ አልባ ልጆችን በ1924 ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ወደ አዲስ አበባ አምጥተው የሙዚቃ ጓድ አደረጓቸው። አርባ ልጆች የሚባሉት ናቸው። መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንድያን የንጉሠ ነገሥቱን መዝሙር ዜማ ደረሰ። ልጁ ይህን ከእኛ በፊት ያውቅ ነበር። እኛ ኢትዮጵያዊ መሆናችንን ስንነግረው የመጀመሪያ ቃሉ «አርባ ልጆች» ነበር።

ስለ ጾም ለጠየቃችሁኝ፦ አትስጉ። ጆርጂያ ውስጥ «ሳማርኽቮ» በሉ፣ የጾም ማለት ነው። ሎቢዮ በሸክላ ድስት የሚቀርብ ባቄላ መሰል አደንጓሬ ነው። በዋልነት የተሠራ ደበርጃንና ቆስጣም አለ። አርሜንያ ውስጥ «ፓሱትስ ቶልማ» ጠይቁ፤ በጥራጥሬ የተሞላ ጥቅል ጎመን ነው። ላቫሽ ቂጣቸውን መሬት ውስጥ በተቀበረ ምድጃ ሲጋግሩ ጋርኒ መንደር ላይ ታያላችሁ።

ቀብድ ከመላካችሁ በፊት አስጎብኚውን እነዚህን በጽሑፍ ጠይቁ። ፈቃድ አለህ? ድንበሩን ራስህ ታቋርጣለህ ወይስ ሌላ ሰው ትሰጠናለህ? የሹፌሩ ማደሪያና ምግብ፣ መኪናው ባዶውን የሚመለስበት ነዳጅ ዋጋው ውስጥ አለ? ስንት ሱቅ ትወስደናለህ? የመጨረሻውን ሳታፍሩ ጠይቁ። እኔ «ሱቅ አንፈልግም» ብዬ ጻፍኩ፤ ሁለቱም ተስማሙ። አርሴማ ጋ ቢያንስ አንድ ሰዓት እንደምትፈልጉም አስቀድማችሁ ንገሩ። ለብዙ ቱሪስት አጭር ማቆሚያ ስለሆነች ካልነገራችሁ አያውቁም።

ቪዛን በተመለከተ የሁለቱን አገር ለየብቻ ከኤምባሲያቸው አጣሩ። የአንዱ ፈቃድ ለሌላው አይሠራም። በትብሊሲ ገብታችሁ ከዬሬቫን ብትበሩ ይሻላል። አንድ ቀን ታተርፋላችሁ፤ ወደ ጆርጂያ ሁለተኛ መግቢያም አያስፈልጋችሁም። አዘርባጃንን እንጨምር ለምትሉ፣ ከአርሜንያ ጋር ያለው ድንበር ዝግ ስለሆነ ጉዞው ሌላ ዕቅድ ይፈልጋል።

ለእኛ ሰባት ቀን በቃን፤ ሦስት ጆርጂያ፣ አራት አርሜንያ። ከእናት ጋር ከሆነ ስምንት አድርጉት፤ አንዱን ቀን ለዕረፍት። ሖር ቪራፕን በጠዋት ሂዱ፤ የአራራት ተራራ ደመና ሳይሸፍነው የሚታየው ያኔ ነው። አርሜንያን ያጠመቀው ቅዱስ ጎርጎርዮስ 13 ዓመት የታሰረበት የዚያ ገዳም ጉድጓድ በቀጥ ያለ የብረት መሰላል ስለሚወረድ እማዬ ከላይ ሆና ጸለየች፣ እኔና እህቴ ወረድን። ረጅም ቀሚስና ነጠላ ያዙ። ነጠላው በሁለቱም አገር ያገለግላችኋል።