«ምድር ባቡር» ለምን ተባለ?

ጠያቂ (ደብረ ማርቆስ)፦
ጤና ይስጥልኝ። ጎጃም ሐዲድ የለንም። አያቴ ግን «ባቡር» ከአፏ አይጠፋም። «ጤፉን ባቡር አስፈጭታችሁ ኑ» ትለናለች። ለኔ ባቡር ማለት ያ የወፍጮ ሞተር ነው፤ ጭሱ፣ ግድግዳው ላይ የተለጠፈው ዱቄት። ታዲያ የጅቡቲው ለምን «ምድር ባቡር» ተባለ? የሰማይ አለ እንዴ?

መልስ (ድሬዳዋ)፦
ወንድሜ፣ አያትህ ልክ ናቸው። ድሮ በእንፋሎት ወይም በሞተር የሚሠራ ትልቅ ነገር ሁሉ ባቡር ይባል ነበር። በእንፋሎት የሚሄደው መርከብ «የባሕር ባቡር» ነበር። በምኒልክ ዘመን መንገድ የሚዳምጠው ደግሞ፣ ባስመጣው አርመናዊ ነጋዴ በሰርኪስ ስም፣ «የሰርኪስ ባቡር»። «ምድር» የገባችው ለመለየት ነው። ሐዲዱ እኛ ጋ በ1902፣ አዲስ አበባ በ1917 ደረሰ፤ ሁለቱም እ.ኤ.አ.። ድሬዳዋ ውስጥ «አባቱ ምድር ባቡር ነበር» ከተባለ መሥሪያ ቤቱ ነው። ተሳፋሪ ግን «በባቡር መጣሁ» ይላል እንጂ «በምድር ባቡር» ብሎ አያስረዝምም። ይህ ልዩነት እንዳይጠፋ በጣም እፈልጋለሁ።

መልስ (ቢቸና)፦
እኛም ዘንድ ወፍጮው ባቡር ነው። አጻጻፉን በተመለከተ «የምድር ባቡር»ም ያስኬዳል፤ ለድርጅቱ ስም ግን «ምድር ባቡር» ይበቃል።