የዕቅድ ውይይት፦ የአየር ኃይላችን የሥልጠና ታሪክ ኤግዚቢሽን፣ በአውሮፕላን እንከፋፍለው ወይስ በአስተማሪ?

ጸሐፊ፦
ሰላም ለሁላችሁም። ባለፈው ስንገናኝ በተባባልነው መሠረት የፕሮፖዛሉን ድራፍት ጀምሬዋለሁ። ለጊዜው የከፈልኩት በአውሮፕላን ነው፣ የፖቴዝ ጊዜ፣ የሳፊር ጊዜ፣ የኤፍ-5 ጊዜ፣ የሚግ ጊዜ እያለ ይሄዳል። ፎቶ እንደልብ አለ፣ ሰው ሲያየውም ቶሎ ይገባዋል ብዬ ነው። እስቲ ሐሳብ ወርውሩ፣ ግን እባካችሁ «ጥሩ ነው በርቺ» ብቻ ብላችሁ እንዳትጠፉ።

የሻለቃ ልጅ፦
በርቺ! (ስለከለከልሽኝ ነው።) እኔ የምለው መነሻው ላይ ነው። ነሐሴ 12 ቀን 1921 ዓ.ም. ፖቴዟ አዲስ አበባ ካረፈችበት ቀን ይጀመር። ያመጣት አንድሬ ማዬ የሚባል ፈረንሳዊ ነው፣ በዓመቱ ገደማ ደግሞ ሚሽካ ባቢቼፍ እና አስፋው አሊ ብቻቸውን ለመብረር በቁ። የሥልጠናው ታሪክ እዛ ጋ ነው የሚጀምረው ባይ ነኝ።

ሰብሳቢ፦
አየር ኃይሉ ልደቱን የሚቆጥረው ከ1928 እንደሆነ አትርሱ፣ ደብዳቤያችን ላይ ሌላ ቁጥር አይተው ገና ከበሩ እንዳይመልሱን። «ሥልጠናው ከተቋሙ ልደት በፊት ነው የጀመረው» ብለን ብንጽፍስ? ውሸትም አይደለም፣ ማንንም አያስቀይምም።

ሀንጋር ጥግ፦
ልጆች ድካማችሁን ለማጣጣል አይደለም፣ ግን አከፋፈሉ አልጣመኝም። አውሮፕላን የሚገዛ ዕቃ ነው። ሚግ-21 ሶማሊያም ነበራት ኋላ እኛም አገኘን፣ ታዲያ ይሄ ስለ ትምህርት ቤቱ ምን ይነግራችኋል? በ1969 ኦጋዴን ሰማይ ላይ ኤፍ-5 እና ሚግ-21 ሲጋጠሙ እኮ የተጋጠሙት ሁለት ትምህርት ቤቶችም ናቸው፣ የኛዎቹ በአሜሪካ ሥርዓት የተማሩ የነሱዎቹ በሶቪየት፣ ከዛ ዓመት ሳይሞላ ያው የኛ ሰው ዞሮ ያንኑ ሚግ «ሀ» ብሎ ሊማር ተቀመጠ። እኔ በአሜሪካኖቹ ጊዜ የተማርኩ ቴክኒሻን ነኝ፣ ማኑዋሉ በእንግሊዝኛ መፍቻው በኢንች። ሚያዝያ 1969 አሜሪካኖቹ ውጡ ተባሉ፣ ብዙም ሳይቆይ አዲሱ ሳጥን ሲከፈት መፍቻው በሚሊሜትር ጽሑፉ በሩሲያኛ! ለአብራሪዎቹ ደግሞ ይብስ ነበር። ከፍታ በጫማ ፍጥነት በኖት የለመደ ሰው በሜትርና በኪሎ ሜትር አንብብ ተባለ፣ በዛ ላይ አድማስ የምታሳየዋ መሣሪያ በአሜሪካኑ አድማሱ ነው የሚያጋድለው፣ በሩሲያው ግን አድማሱ ዝም ብሎ ትንሿ የአውሮፕላን ምስል ናት የምታጋድለው። አስቡት እስቲ፣ ደመና ውስጥ ገብቶ ላብ ሲያሰጥመው የሰው እጅ የሚታዘዘው መጀመሪያ ላስተማረው ነው፣ ስለዚህ አዲሱን ከመማር ይልቅ የድሮውን ማራገፉ ነበር ከባዱ። እና በኔ በኩል ፕሮፖዛሉ ማን ማንን አስተማረ በሚለው ይከፈል።

ጸሐፊ፦
ጋሼ ልክ ነዎት፣ ግን ይሄን ጎብኚ እንዴት ያየዋል? መፍቻ ተቀየረ የሚል ፎቶ ከየት አመጣለሁ?

ሀንጋር ጥግ፦
ፎቶ ምን ያደርግልሻል ልጄ፣ ሁለቱን መፍቻ ጎን ለጎን ማስቀመጥ ነው። ሁለቱም እኔ ቤት አሉ።

ባህር ማዶ፦
ሰላም ወገኖች፣ ሰዓታችን ስለማይገጥም ዘግይቼ ነው የገባሁት። የጋሼ ሐሳብ ደስ ይላል፣ የሚያሰጋኝ ግን አንድ ነገር አለ። በአስተማሪ ከከፈልነው ኤግዚቢሽኑ የፈረንጅ ስም ዝርዝር እንዳይሆንብን። ፈረንሳይ መጣ፣ ከዛ ጆን ሮቢንሰን ከቺካጎ በግንቦት 1927 መጣ (እሱን እንኳን ፈረንጅ ማለት ይከብደኛል፣ ጥቁር አሜሪካዊ ነው፣ በወረራው ጊዜ አየር ኃይሉን የመራ ሰው ነው)፣ ከዛ ስዊድኖች ከዛ አሜሪካኖች ከዛ ሩሲያዎች። በነገራችን ላይ የኛ አገር ነገር ሁሉ እንዲህ ነው፣ ባህር ኃይሉን ኖርዌጂያኖች፣ የሐረር አካዳሚን ህንዶች፣ እያንዳንዱ ክፍል የየራሱ የውጭ መምህር ነበረው። እንግዲህ የኛ ሰው የት ገባ? ዝም ብሎ ተማሪ ሆኖ ሊቀር ነው?

ሌላው፣ ዓመተ ምሕረቱን ከአሁኑ አንድ እናድርገው። ከዚህ የሚገኘው ሰነድ በሙሉ እ.ኤ.አ. ነው፣ ድራፍቱ ላይ ሁለቱ ተደባልቀው ሮቢንሰን ከመምጣቱ በፊት የሄደ ይመስላል።

የሻለቃ ልጅ፦
ሮቢንሰን ከተነሳ ጁልየንም ይግባ በናታችሁ፣ ያ ከሃርለም የመጣው «ጥቁሩ ንስር»። በጥቅምት 1923 ለዘውድ በዓሉ ጥቂት ቀን ሲቀር የንጉሡን አውሮፕላን ይዞ ተነስቶ የከሰከሳት። ጎብኚ የሚያስታውሰው እሱን ነው።

ሰብሳቢ፦
ለሳቅ እሺ፣ ለፕሮፖዛል አይሆንም። ማንን አስተማረ? ማንንም። በዚህ መለኪያ ከሄድን ብዙ ስም ይወጣል ብዙ ስም ደግሞ ይገባል፣ ለምሳሌ ሙሉእመቤት እምሩ ከጣልያን ወረራ በፊት በረራ ተምራለች፣ ድራፍቱ ውስጥ ግን አንዲት ሴት የለችም። ይሄንን ሳያስተካክሉ ማስገባት ነውር ነው።

ጸሐፊ፦
ተቀብያለሁ፣ ሴት ሆኜ እኔው መርሳቴ ይገርማል። ስዊድኖቹ ላይስ ምን ያህል እንሂድ? አሁን ያለው ግማሽ ገጽ ብቻ ነው።

ባህር ማዶ፦
እነሱ ላይ አትቸኩሉ፣ የትምህርት ቤቱ አጥንት የቆመው በነሱ ጊዜ ነው። ካርል ጉስታፍ ቮን ሮዘን በ1928 ለቀይ መስቀል የአምቡላንስ አውሮፕላን እያበረረ ነው አገሩን ያወቀው፣ ከነጻነት በኋላ ተመልሶ ቢሾፍቱ ላይ አስተማሪዎቹን፣ መካኒኮቹን፣ አውሮፕላኖቹን ሳፊርና ሳብ 17 ይዞ ትምህርት ቤቱን አቆመ፣ እስከ 1948 ድረስም አዛዡ እሱ ነበር። ከሱ በፊት ግን ሮቢንሰን በ1936 ከጥቁር አሜሪካውያን ባልደረቦቹ ጋር ተመልሶ ማሠልጠን ጀምሮ ነበር፣ ይሄ ተዘሎ «ስዊድኖች ከዜሮ ጀመሩ» የሚባለው ነገር ሁሌ ያናድደኛል። ሮቢንሰን መጋቢት 1946 በአውሮፕላን አደጋ እዛው ሞተ፣ ቮን ሮዘንም ሐምሌ 1969 ጎዴ ላይ ተገደለ። ሁለቱም አስተማሪዎች አፈሩን የለበሱት እኛው አገር ነው፣ ይሄን በአንድ ፓኔል ማድረግ ይቻላል።

አንድ ደግሞ፣ ሳፊር ውስጥ አስተማሪና ተማሪ ጎን ለጎን ነው የሚቀመጡት። ቀጥሎ የመጡት የአሜሪካኖቹ ቲ-28 እና ቲ-33 ደግሞ አንዱ ከኋላ አንዱ ከፊት። ይሄ ትንሽ ነገር ይመስላል እንጂ የማስተማሩን መንገድ ይቀይረዋል፣ ጎንህ ያለ ሰው እጅህን ያይሃል ፊትህን ያይሃል፣ ከኋላ ያለው ግን ድምፅ ብቻ ነው።

የሻለቃ ልጅ፦
እውነት ነው! አባቴ የሳፊር አስተማሪውን ሲያወራ «ጉልበቴን መታ አደረገኝ» ነበር የሚለው፣ የጄቱን አስተማሪ ሲያወራ ግን ሁሌ «ጮኸብኝ»። ልዩነቱ ከወንበሩ እንደሆነ ዛሬ ገና ገባኝ።

ሀንጋር ጥግ፦
የባህር ማዶው ወንድማችን የኛ ሰው የት ገባ ላልከው መልሱ አለ። ተማሪው አስተማሪ የሆነበትን ቀን ፈልጉ። በ1954 ናይጄሪያ አየር ኃይል ላቋቁም ስትል የመጀመሪያዎቹን 10 ካዴቶቿን የላከችው ወዴት ይመስልሃል? ወደኛ ነው። ወደ ካናዳና ወደ ህንድ የላከችው ከዛ በኋላ ነው። ያ ሁሉ የውጭ መምህር ሲፈራረቅ መሬት ላይ ከካዴት ወደ ኢንስትራክተር የተሻገረ የራሳችን ሰው ነበረ ማለት ነው፣ ባይኖርማ ሌላ አገር ልጆቿን አትሰድም። ኤግዚቢሽኑ መሀሉ ላይ እሱ ይቀመጥ፣ የፊቱም የኋላውም ወደዛ ይመልከት።

ደግሞ አብራሪ አብራሪ አትበሉ ብቻ። አንድ አብራሪ ወደ ላይ ሲወጣ ታች ስንት ሰው ተምሮ እንደቆመ ቁጠሩ፣ ሞተሩ፣ ኤሌክትሪኩ፣ ሬዲዮው፣ አርማመንቱ (ትጥቁ)፣ ፓራሹት የሚያጥፈው፣ ማማ ላይ ያለው። የኛ ትምህርት ቤት ካልገባ እኔ ፊርማዬን አላኖርም።

ባህር ማዶ፦
ናይጄሪያን እንዴት ረሳኋት! በቃ አከፋፈሉ ላይ ተሸነፍኩ። «ተማሪው መቼ አስተማሪ ሆነ» የሚለው ለየዘመኑ የምንጠይቀው ጥያቄ ይሁን።

ሰብሳቢ፦
ጥሩ፣ ተግባብተናል መሰለኝ። አሁን ወደማንወደው ጉዳይ፣ የት ላይ እናቁም? እኔ ግንቦት 1983 ላይ እንቁም ባይ ነኝ። ከዛ ወዲህ ያለው በሥራ ላይ ያለ ተቋም ነው፣ ምን ይነገራል ምን አይነገርም የሚለውን እኛ መወሰን አንችልም፣ ፈቃዱም አንድ ዓመት ይፈጃል።

የሻለቃ ልጅ፦
ማቆሙ ይገባኛል ግን ልክ 1983 ላይ መጋረጃ ዝቅ ማድረግ ይከብደኛል። ሰዎቹ እኮ በዛ ቀን አላለቁም። ገሚሱ ታሰረ፣ ገሚሱ አገር ለቀቀ፣ አባቴ ሎግቡኩን (የበረራ ሰዓት መመዝገቢያውን) ከዩኒፎርሙ ጋር ሳጥን ውስጥ ቆልፎ የሰፈር ልጆች ሂሳብ ማስጠናት ጀመረ። ስንት ሰዓት በበረራ ያስተማረ ሰው ክፍልፋይ ሲያስረዳ በእጁ መሪ የያዘ ይመስል ነበር። የ1981ዱ የግንቦት መፈንቅለ መንግሥት ሙከራም አለ፣ ከአዛዡ ጀምሮ ስንቱን ወሰደ። የሥልጠና ሰንሰለት እንዴት እንደሚበጠስ ካላሳየን እንዴት እንደተሠራ ማሳየቱ ጎዶሎ ነው።

ሀንጋር ጥግ፦
ልጁ እውነቱን ነው። ግን ሰብሳቢያችንም ያለምክንያት አልተናገሩም፣ እሳቸው ናቸው ቢሮ ለቢሮ የሚዞሩት። ፖለቲካውን እንተወውና ሰዎቹ ምን እንደሠሩ ብቻ እንናገር፣ ማን ወዴት ሄደ፣ ምን አስተማረ። ሲቪል አቪዬሽን ገብቶ ያስተማረ አለ፣ ጋራዥ ከፍቶ ያስተማረ አለ።

ሰብሳቢ፦
በዚህ እስማማለሁ። ዘመኑ 1983 ላይ ይቆማል፣ የመጨረሻው ፓኔል የአስተማሪዎቹን ከዛ በኋላ ያለ ኑሮ በራሳቸው አንደበት ይይዛል፣ ቅጂው ከመለጠፉ በፊት ተናጋሪው ራሱ ያነበዋል። ስሜ አይጠራ ያለም አይጠራም።

ጸሐፊ፦
እሺ፣ ያልነውን አቀናጅቼ የዓላማውን ክፍል እንደገና ጻፍኩት፣ እዩት፦

«ይህ ፕሮፖዛል በአየር ኃይላችን ውስጥ የበረራና የቴክኒክ ትምህርት ከ1921 እስከ 1983 ዓ.ም. እንዴት እንደተደራጀ ለማሳየት የቀረበ ነው። በየዘመኑ ማን እንዳስተማረ፣ በምን ቋንቋና በምን መሣሪያ እንዳስተማረ፣ ተማሪውም መቼ በአስተማሪው ቦታ እንደተተካ እንጠይቃለን። ሎግቡኮችን፣ የትምህርት ደብተሮችን፣ የእጅ መሣሪያዎችንና የቃል ምስክርነቶችን ከአባላትና ከቤተሰቦቻቸው በውሰት ሰብስበን፣ ስካን አድርገን ለባለቤቶቹ እንመልሳለን።»

«በውሰት» የሚለውን ሆን ብዬ ነው፣ ሰው ዕቃውን ሰጥቶ እንዳይቀር ይፈራል።

ባህር ማዶ፦
አሪፍ ነው። «አየር ኃይላችን» የሚለውን መጀመሪያ ላይ «የኢትዮጵያ አየር ኃይል» በይው፣ ደብዳቤ ነው። ስካነሩን እኔ ከዚህ እልካለሁ፣ ብር የሚጠይቀው የድምፅ መቅጃው ብቻ ነው።

ሰብሳቢ፦
ደግፌያለሁ። ቃለ መጠይቁ ግን ፈቃድ እስኪመጣ አይጠብቅ፣ ትልልቆቹን አስቀድሙ፣ የሳፊርን ወንበር የሚያስታውስ ሰው ስንት እንደቀረን ታውቃላችሁ።

የሻለቃ ልጅ፦
የአባቴን ሎግቡክ ቅዳሜ ይዤ እመጣለሁ። እናቴ ግን አብራ ካልመጣች አትለቀውም።

ሀንጋር ጥግ፦
እናትህ ይምጡ እንጂ፣ እኔም ሁለቱን መፍቻ ይዣለሁ። የኢንቹ ትንሽ ዝጓል፣ እስከዛ በናፍጣ ላጥበው።