የላይኛው ክንድ ተሰብሮ የእጅ አንጓ ሲንጠለጠል፦ ይጠበቃል ወይስ ሪፈር ይባላል?

ጤና መኮንን፣ ኮዬ ፈጬ፦

ሰላም ባልደረቦች። ከመወጣጫ የወደቀ የ27 ዓመት የቀን ሠራተኛ እየተከታተልኩ ነው። የቀኝ የላይኛው ክንድ አጥንቱ መሃል ላይ ተሰብሯል፣ ቆዳው አልተከፈተም። ሆስፒታል ጀሶ ታስሮለት ከተመለሰ ዛሬ ስድስተኛ ሳምንቱ ነው። ከወደቀበት ሰዓት ጀምሮ የእጁን አንጓ ወደ ላይ ማንሳት አይችልም፤ በአውራ ጣቱና በሌባ ጣቱ መካከል ያለው የእጁ ጀርባም ደንዝዟል። አሁን ደግሞ ክንዱን ወደ ጎን ከ40 ዲግሪ በላይ ማንሳት አቅቶታል። የተጎዳው ስብራቱ ጋ ያለው ነርቭ ብቻ ነው ወይስ ከትከሻ ጀምሮ ነው? ቤተሰቡ ወጌሻ ጋ ካልወሰድነው እያሉ ስለሆነ ቁርጡን ልነግራቸው እፈልጋለሁ።

ፊዚዮቴራፒስት፣ ገላን፦

ሦስት ቦታ ፈትሽለት። መጀመሪያ ክርኑን። ክንዱን ደግፈህ መዳፍህን ወደ ታች እንዲገፋ አድርግ፣ በሌላው እጅህ የክንዱን ጀርባ ጡንቻ ዳስ። ለዚህ ጡንቻ የሚሄዱት ቅርንጫፎች ከብብት አካባቢ ነው የሚወጡት፤ ስለዚህ ክርኑን መዘርጋት ከቻለ ነርቩ የተጎዳው ከዚያ በታች፣ ስብራቱ ጋ ነው ማለት ነው።

ቀጥሎ ትከሻውን የሸፈነው ጡንቻ ላይ እጅህን አሳርፍና ክርኑን ወደ ውጭ እንዲገፋ ንገረው። እጅህ ሥር ጠንከር ካለ የትከሻው ነርቭ እየሠራ ነው። የትከሻውን ውጨኛ ቆዳም በጥጥ ነካ ነካ አድርገው። የትከሻውም የክርኑም ጡንቻ ዝም ካለ ጉዳቱ ብብት ውስጥ ነው፣ ሁለቱ ነርቮች የሚወጡት ከአንድ ዘለላ ነውና። በዚያው በኩል የዓይኑ ቆብ ወረድ ብሎ የዓይኑ ብሌን ከጠበበ ደግሞ የነርቮቹ ሥሮች ከሕብለ ሰረሰሩ ተነቅለው ሊሆን ይችላል፤ ያ ቀን አይሰጥም።

ሦስተኛው ብዙዎቻችን የምንዘለው ነው። ክንዱን በቀስታ አንተ አንሳለት። አንተ ስታነሳው ሄዶ ለብቻው ካቃተው ችግሩ ነርቭ ወይም ጅማት ነው። አንተ ስታነሳውም እዚያው ከቆመ የደረቀው መገጣጠሚያው ነው።

ጤና መኮንን፣ ኮዬ ፈጬ፦

ፈተሽኩት። ክርኑን ይዘረጋል። የትከሻው ጡንቻ ይጠነክራል፣ ቆዳውም ይሰማዋል። እኔ ሳነሳለትም 50 ላይ ቀጥ ይላል።

የአጥንት ሐኪም፦

እንግዲያው ትከሻው ስድስት ሳምንት ታስሮ ደርቋል፣ ነርቩ ደግሞ ስብራቱ ጋ ተጎድቷል። ሁለቱን አትቀላቅላቸው። በዚህ አጥንት ስብራት ከ10 ሰው አንዱ ገደማ ይህ ነርቭ ይጎዳበታል፤ ከእነሱም 70 በመቶ ያህሉ ያለ ቀዶ ጥገና ይመለስላቸዋል። ስለዚህ ጠብቅ፣ ግን በሜትር ለክተህ ጠብቅ። ነርቭ በቀን 1 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው የሚያድገው። ከስብራቱ አንስቶ ከክርን በላይ በውጭ በኩል እስከሚገኘው የመጀመሪያ ጡንቻ ድረስ 9 ሴንቲ ሜትር ካገኘህ 90 ቀን ነው፣ ለመነሻ 30 ቀን ጨምርበት። በየወሩ ነርቩ በሚያልፍበት መስመር ላይ ከታች ወደ ላይ በጣትህ አንኳኳ፤ እጁ ጀርባ ድረስ የሚነዝርበትን ቦታ በእስክሪብቶ ምልክት አድርገህ ርቀቱን ካርዱ ላይ ጻፍ። ምልክቱ ወደ ታች ከወረደ ነርቩ እየመጣ ነው። ቀድሞ የሚነቃው ክርን አጠገብ ያለው ጡንቻ ነው፣ ከዚያ አንጓ፤ አውራ ጣት መጨረሻ ነው።

ኢኤምጂ (የጡንቻና የነርቭ የኤሌክትሪክ ምርመራ) ከጉዳቱ 3 ሳምንት ሳይሞላ ከተሠራ ያሳስታል፣ አሁን ግን ጊዜው ነው። እስከ 4 ወር አንዲት ጡንቻ ካልነቃች ነርቩ ተከፍቶ ይታይ። ከ6 ወር በኋላ ውጤቱ እየቀነሰ ይሄዳል፣ ዓመት ከመንፈቅ ካለፈ ጡንቻው ራሱ አይቀበልም። ያኔ የሚቀረው ጅማት ማዛወር ነው፤ አለርት ሆስፒታል ለሥጋ ደዌ ሕሙማን እጅ ሲሠራው የኖረው ዓይነት።

ለቤተሰቡ ደግሞ ይህን ንገራቸው፦ ገና ያልጸና አጥንት ሲታሽ ስብራቱ ይላወሳል፣ ነርቩም እንደገና ይቀጠቀጣል። በሸምበቆ ጥብቅ ተደርጎ ከታሰረ በኋላ ጣቶቹ ሲዘረጉ ከፍተኛ ሕመም ካለው ደም ታፍኗል ማለት ነው፤ ወዲያው ይፈታ፣ በሰዓታት ውስጥ ሆስፒታል ይድረስ። ከእናንተ ጥሩነሽ ቤጂንግ ይቀርባል።

ፋርማሲስት፦

ማታ ማታ የሚያቃጥልና የሚነዝር ሕመም ካለው ዲክሎፌናክ ብዙም አይረዳውም። አሚትሪፕቲሊን 10 ሚሊ ግራም ማታ፣ ከሳምንት በኋላ 25። አፍ ያደርቃል፣ እንቅልፍ ያመጣል፤ የልብ ችግር ካለበት አይሰጥም። ሰፈር ውስጥ እንደ ጠበል የሚታደለው የቢ ቫይታሚን መርፌ እጥረት ለሌለበት ሰው የተቀጠቀጠ ነርቭ አያድንም፤ ቢ 6 በብዛትና ለረጅም ጊዜ ሲወሰድ እንዲያውም ነርቭ ይጎዳል።

ፊዚዮቴራፒስት፣ ገላን፦

አንጓው ተንጠልጥሎ አይክረም። 10 ሴንቲ ሜትር ስፋት ያለው ጀሶ ከ8 እስከ 10 ድርብ አድርገህ፣ ከሥሩ ጥጥ አንጥፈህ፣ በመዳፉ በኩል ከክርን በታች ካለው ክንዱ እስከ ሁለት ሦስተኛው ድረስ ሥራለት። አንጓው ከ20 እስከ 30 ዲግሪ ወደ ላይ ይቅና። ጀሶው የመዳፉን የላይኛ መስመር ካለፈ ጣቶቹ ሥራቸው ላይ አይታጠፉም፣ በወር ውስጥ ይደርቃሉ። ውሃው ለብ ያለም አይሁን፣ ቀዝቃዛ ይሁን፤ ጀሶ ሲጠነክር ራሱ ይሞቃል፣ የደነዘዘ ቆዳ ደግሞ መቃጠሉን አይናገርም። በፋሻ ይታሰር እንጂ አይዘጋ፤ በቀን 3 ጊዜ ተፈትቶ አንጓውና ጣቶቹ በግራ እጁ 15 ጊዜ ይዘርጉ። ለትከሻው ጎንበስ ብሎ ክንዱን እንደ ደወል ያወዛውዝ፣ 2 ደቂቃ ይበቃል።

ጤና መኮንን፣ ኮዬ ፈጬ፦

ፎርማኑ ቀላል ሥራ ይሥራ ይላል።

የአጥንት ሐኪም፦

ዕቃ ይቁጠር፣ ስም ይመዝግብ። መወጣጫ ላይ ግን አይውጣ፤ አንጓው የማይነሳ እጅ አጥብቆ ጨብጦ መያዝም አይችልም።