ባሊ ውስጥ ከእናቴ ጋር ነን፤ ለነገው ጉዞ ምክራችሁን

ኡቡድ ነው ያረፍነው። በአንድ ቀን የብራታን ሐይቅ ቤተ መቅደስን፣ ሴኩምፑል ፏፏቴንና የምንጭ ውሃ ያለበትን የቲርታ ኤምፑል ቤተ መቅደስን ለማየት ለአስጎብኚ ቀብድ ከፍያለሁ። ማታ ካርታውን ሳየው ግን ሴኩምፑል በደሴቱ ሰሜን ነው፤ መንገዱ በተራራ ላይ ይጠማዘዛል፤ ከመኪና ከተወረደ በኋላ ደግሞ በመቶዎች የሚቆጠር ደረጃ አለ። የእናቴ ጉልበት የቤተ ክርስቲያናችንን አምስት ደረጃ እንኳ በምሬት ነው የሚወጣው! አስጎብኚው «ችግር የለም» ከማለት በቀር መልስ የለውም።

የሄዳችሁ ካላችሁ፣ ሴኩምፑልን ከላይ ከመመልከቻው ብቻ አይተን እንመለስ ወይስ ለኡቡድ ቅርብ በሆነው በቴገኑንጋን ፏፏቴ እንተካው? ቲርታ ኤምፑልን አልሰርዝም፤ ሰዎች ከምንጩ ሥር ጎንበስ ብለው ሲጠመቁ በፎቶ ካየች ወዲህ እናቴ «ጠበሉ» እያለች ነው የምትጠራው። እዚያ ለመግባት ሳሮንግ (ከወገብ በታች የሚጠመጠም ጨርቅ) እና መቀነት ግዴታ ነው ተብሏል፤ ነጠላዋን ወገቧ ላይ ብታስር ይበቃል? የምንነሳው ከንጋቱ 12 ሰዓት ነው።