ወደ ራሱ ዞር ብሎ የማያይን ሰው በአንድ ቃል ምን እንበለው?

ጠያቂው፦
ሰላም ለሁላችሁ። አንድ ቃል እንቅልፍ ነስቶኛል። አጭር ታሪክ እየተረጎምኩ ነው። ውስጡ አንድ ሰውዬ አለ። የሁሉንም ሰው ጉድለት ያያል፤ ወደ ራሱ ግን ዞር ብሎ አያውቅም። ክፉ አይደለም። አስመሳይም አይደለም። ብቻ «ይህን ያደረግኩት ለምንድን ነው?» ብሎ ራሱን የመጠየቅ ልማድ አልፈጠረበትም። መነሻው ቋንቋ ይህን ሁሉ በአንድ ቅጽል ጨርሶታል። እኔ «ራሱን የማያውቅ ሰው ነበር» ብዬ ጻፍኩ። ለእህቴ ሳነብላት «ውይ፣ ምን ሆኖ ነው? ከወደቀ ቆየ?» አለችኝ። ሰውዬውን ሳላስበው አልጋ ላይ አስተኝቼዋለሁ። እስቲ የሚሆን ቃል ካላችሁ ጣል አድርጉልኝ።

ተርጓሚዋ፦
ወንድሜ፣ እህትህ ልክ ናት። «ራስ»ን ተከትለው የሚመጡ ግሦች ተንኮለኞች ናቸው። «ራሱን ሳተ» ካልክ ወድቋል፣ ውኃ አምጡ ነው። «ራሱን አያውቅም» ካልክ ሕመምተኛው ሰው መለየት አቅቶታል። «ራሱን ጣለ» ልብሱንና ገላውን ችላ አለ። «ራሱን ቻለ» ከቤተሰብ ጥገኝነት ወጣ። «ራሱን ገዛ» ስሜቱን ተቆጣጠረ። «ራሱን ረሳ» ደግሞ ሁለት መልክ አለው፦ ለሌሎች ሲል የራሱን ጥቅም ለተወ ይባላል፤ ትናንት የነበረበትን ለዘነጋ ባለጊዜም ይባላል። ከእነዚህ አንዱም ያንተን ሰውዬ አይነካውም። በዴልፊ ቤተ መቅደስ ተጽፎ የነበረው የጥንት ግሪኮች ምክር በአማርኛ «ራስህን እወቅ» ሲባል ምንም አይልም። ትእዛዝ ነዋ! ወደ አሉታ ሲዞር ነው ሐኪም የሚጠራበት።

«ራሱን የማይመረምር» ልትል ነው አይደል? እሱንም ሞክሬዋለሁ። ለአንዱ ወዳጄ «ራስህን መርምር» ብዬ ብጽፍለት «ምን አየሽብኝ?» ብሎ ደነገጠ። ላቦራቶሪ ሂድ ያልኩት መስሎታል።

ልጅ እግሩ፦
«ግብዝ» ይባላል በቃ። ምን ያስጨንቃል?

መምህሩ፦
ልጄ፣ ግብዝ እኮ ራሱን ያውቃል። እንዲያውም ከማንም በላይ የሚያውቀው ራሱን ነው፤ የሚደብቀውም ስለሚያውቀው ነው። ፊት ለፊት አንድ፣ ዞር ሲሉ ሌላ ለመሆን ሁለቱን ለይቶ ማወቅ ያስፈልጋል። የጠያቂያችን ሰውዬ ግን የሚደበቅ ነገር እንዳለው እንኳ አልጠረጠረም።

ጠያቂው፦
መምህር፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 7 በዓይኑ ምሰሶ ተጋድሞ የወንድሙን ጉድፍ የሚያየው ሰው «አንተ ግብዝ» ተብሎ የለም እንዴ? እሱ እኮ ምሰሶውን አላየውም።

መምህሩ፦
ጥሩ ያዝከኝ። እዚያ ቃሉ ሰፋ ብሏል። ማየት የሚገባውን ያላየም ግብዝ ተብሏል። ዛሬ በዕለት ንግግር ግን «ግብዝ» የምንለው ሆን ብሎ የሚያስመስለውን ነው። «የዓይኑን ምሰሶ ሳያይ» ብትል አንባቢህ ወዲያው ይገባዋል። ግን ስብከት ስብከት ይላል። ለታሪክህ ቀለል ያለ ከፈለግህ «የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች» አለልህ። ይህን ተረት የምወደው በአንድ ምክንያት ነው። ሴትየዋ ሰነፍ አይደለችም፤ ተንኮለኛም አይደለችም። እየሠራች ነው። እንዲያውም ሰው እየረዳች ነው። የራሷ ድስት ሽታ ብቻ ነው ያልሸተታት። ያንተም ሰውዬ እንደዚያ ይመስለኛል።

የግዕዝ ተማሪው፦
እኔ ከሌላ በኩል ልምጣ። አማርኛ የሰውን ውስጥ ለአካል ክፍሎች አከፋፍሎታል። ሐፍረት ያለው ዓይን ላይ ነው። «ዓይነ አፋር»፣ «ዓይነ ደረቅ»፣ «ዓይን አውጣ» እንላለን። ማስተዋል ያለው ልብ ላይ ነው። «ልብ አለ»፣ «ልብ ገዛ»፣ «ልብ አላለውም»። እኔነት ደግሞ ራስ ላይ ነው። «እሱ» የምንለው ተውላጠ ስም እንኳ «እርሱ» ነበር፤ እሱም ከ«ርእሱ»፣ ማለትም ከ«ራሱ» የመጣ ነው። ስለ ማንም ስናወራ ጭንቅላቱን እየጠራን ነው ማለት ነው! የጠያቂው ሰውዬ ሦስቱም መሐል ወድቋል። ጉድለቱ የዓይን ቢሆን ኖሮ «ዓይን አውጣ» እንለው ነበር። ዓይን አውጣ ግን ጥፋቱን ያውቀዋል፤ አያፍርበትም እንጂ። ስለዚህ እኔ የምፈልገው ከልብ ሰፈር ነው።

ተርጓሚዋ፦
ከልብ ሰፈር ከሆነ «ቀልበ ቢስ» እንዳይመጣብን እፈራለሁ። «ቀልብ» ከዐረብኛ የመጣ ሌላ ልብ ነው። ግን የእኛ ቀልብ ትኩረት ሆኖ ቀርቷል። ቀልብ ይሳባል፣ ይገፈፋል፣ ይሰበሰባል። ቀልበ ቢስ ቁልፉን የት እንዳስቀመጠ የሚረሳው ነው። ያ ሌላ በሽታ ነው፤ እኔም አለብኝ።

የግዕዝ ተማሪው፦
አይ፣ እኔ ያሰብኩት «ልቦና» ነበር። ሰውዬው ሲያስቸግር ዘመዶቹ ምን ይላሉ? «ልቦና ይስጠው» ይላሉ። ምርቃት ነው፣ ግን በጎን ስድብ ነው። «አሁን የለህም» ማለት ነዋ። የጠፋው ልጅ ታሪክም ላይ፣ በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 15፣ ልጁ ባዕድ አገር ተርቦ ሳለ «ወደ ልቡም ተመልሶ» ይላል። እዩት ይህን አገላለጽ። ከአባቱ ቤት ብቻ ሳይሆን ከልቡም ርቆ ሄዷል። መጀመሪያ የተመለሰው ወደ ልቡ ነው፤ ወደ ቤቱ የሄደው ከዚያ በኋላ ነው። «ወደ ልቡ ተመልሶ የማያውቅ ሰው» ብንለውስ?

ጠያቂው፦
ያምራል። ግን ትንሽ ከፍ አለብኝ። የእኔ ሰውዬ ቢሮ ውስጥ ነው የሚውለው።

ልጅ እግሩ፦
እንግዲያው ወደ ሰፈር እናውርደው። እኛ «አልባነነም» እንላለን። «ባነነ» ድሮ ከእንቅልፍ መበርገግ ነበር፤ አሁን ነገሩ ሲገባህ ነው። አንድ ሰው ሲያታልልህ ደርሰህበት እንደሆነ ደግሞ «ነቃሁበት» ትላለህ። ይህ ሰውዬ በሁሉም ሰው ላይ ነቅቷል። በራሱ ላይ ብቻ አልነቃም። «በራሱ ያልነቃ» ብትለውስ? ወይም «ራሱን የሸወደ»።

መምህሩ፦
«በራሱ ያልነቃ»። እሺ፣ ይህን ከልጅ እግር አልጠበቅኩም። «ነቃበት» ውስጥ ያለችው «በት» ናት ሥራውን የምትሠራው። ነቃ ብቻ ካልክ ተነሣ ነው። ነቃበት ካልክ ያ ሰው የሸፈነውን አየ ማለት ነው። በራስ ላይ መንቃት ደግሞ ራስህ የሸፈንከውን ራስህ ማየት ነው። «ራሱን የሸወደ» ግን ወደ ግብዙ ይመልሰናል። ሸዋጅ ያውቃል።

ተርጓሚዋ፦
ሳልረሳው «ይሉኝታ»ን ላንሣ። «ይሉኝታ ቢስ» ብላችሁ እንዳትሸኙኝ። ቃሉን ፍቱት። «ይሉኛል» ነው ውስጡ ያለው። «ሰዎች እንዲህ ይሉኛል» የሚል ፍርሃት ስም ሆኖ ነው። ዓይኑ ውጭ ነው ያለው። ይሉኝታ ቢስ የሰው አፍ አያስፈራውም። የእኛ ሰውዬ ግን ይሉኝታ ሞልቶ ሊፈስበት ይችላል። ሰው ምን ይለኛል እያለ ሲሳቀቅ ይውላል፤ «እኔ ራሴን ምን እላለሁ?» የሚለው ግን አይመጣለትም። እንዲያውም ይሉኝታ የበዛበት ሰው ለሁለተኛው ጥያቄ ጊዜ የለውም ባይ ነኝ።

የግዕዝ ተማሪው፦
«ሕሊና ቢስ»ም እንዲሁ ይወድቃል። በግዕዝ «ሐለየ» ማለት አሰበ ነው፤ «ሕሊና» ሐሳብ ነው። በዚያ ፍቺ ብንሄድ «ሕሊና ቢስ» ለእኛ ሰውዬ ልኩ ነበር፤ የማያስብ። ዛሬ ግን ሕሊና ክፉና ደጉን የሚዳኝ ዳኛ ሆኗል። ሕሊና ቢስ ካልነው ሰው ገድሏል ወይም የወላጅ አልባ ሕፃናት ገንዘብ በልቷል። ቃሉ ከብዶ ከእጃችን ወጥቷል።

ልጅ እግሩ፦
«ግለ ሂስ የማያደርግ»?

መምህሩ፦
እሱን ቃል ስሰማ ወገቤን ያመኛል። «ሂስና ግለ ሂስ» ከ1966ቱ አብዮት ጋር የገነነ ቃል ነው። «ግለ» እንደ «ግለ ታሪክ» የራስ ማለት ነው፤ አሠራሩ ንጹሕ ነው። ነገር ግን ግለ ሂስ ስብሰባ ላይ ቆመህ፣ በሰው ፊት፣ ሰብሳቢው እያየህ የምታደርገው ነው። በኋላም «ግምገማ» ሲመጣ ነገሩ ያው ነበር። ብዙ ሰው ግለ ሂሱን አሳምሮ አቅርቦ ወደ ራሱ ሳያይ ቤቱ ገብቷል። እኛ የምንፈልገው ማንም ሳያይ የሚደረገውን ነው።

ጠያቂው፦
በሥልጠና አዳራሽ «ጽብረቃ» ሲሉ ሰምቻለሁ። «አሁን ጽብረቃ እናድርግ» ይባላል።

ተርጓሚዋ፦
እዚያው ይቆይ። ቆም ብሎ ማሰብ ለማለት ነው፤ ግን ቃሉ «ነጸብራቅ»ን ያስታውሳል፤ ነጸብራቅ ደግሞ ብርሃን መስታወት ላይ ሲያርፍ ነው። «ጽብረቃ የሌለው ሰው» ብትል አንባቢ ያልተወለወለ ጫማ ይመስለዋል።

አሁን የእኔን ላምጣ። ከመጀመሪያው አፌ ላይ ነበር፤ እስኪጣራ ጠበቅኩ። «ታዘበ»። «ታዘብኩህ» ስልህ ምን ይሰማሃል? አልጮህኩብህም። አልሰደብኩህም። አይቼ፣ መዝኜ፣ ዝም ብዬ በሆዴ አስቀመጥኩት። ከስድብ ይከብዳል። «ትርፉ ትዝብት ነው»፣ «ትዝብት ላይ ወደቀ» የምንለው ለዚህ ነው። ታዛቢም ከዳር ሆኖ ያያል እንጂ አይገባበትም፤ የምርጫ ታዛቢን አስቡ። አሁን ይህን ግሥ ወደ ራስ አዙሩት። «ራሴን ታዘብኩት» እንላለን አይደል? አንድ ነገር ተናግረህ ማታ ስትተኛ ይመጣብህና «እኔ ነኝ እንዲህ ያልኩት?» የምትለው። አንዱ አንተ አድርጓል፤ ሌላው አንተ ከዳር ቆሞ አይቶታል። ያንተ ሰውዬ የጎደለው ይህ ከዳር የሚቆመው ነው። «ራሱን ታዝቦ የማያውቅ ሰው» በለው።

የግዕዝ ተማሪው፦
በሰዋስውም ይመቻል። «ታጠበ»፣ «ተላጨ» ስንል «ተ» ድርጊቱን ወደ ራስ ትመልሰዋለች። «ታየ» ላይ ግን እምቢ ትላለች፤ ታየ ማለት ሌላ ሰው አየው ነው። ስለዚህ ራስን ማየት በቅጥያ አይሠራም፤ «ራሱን» የሚል ቃል የግድ ይጨመራል። «ራሱን ታዘበ» ላይ ያ ጭማሪ ጆሮ አይቆረቁርም። የለመድነው ነው።

መምህሩ፦
አንድ ቅሬታ አለኝ። ትዝብት ሁልጊዜ ወደ ነቀፋ ያዘነብላል። በመልካም ሥራህ «ታዘብኩህ» የሚልህ የለም። ራስን ማየት ግን ጥፋት ብቻ መፈለግ አይደለም። ሰው «ለምን ደስ አለኝ?» ብሎም ራሱን ይጠይቃል።

ተርጓሚዋ፦
እውነትዎን ነው፤ አልከራከርም። ገለልተኛ ቃል በሚያስፈልግበት ጽሑፍ፣ ለምሳሌ በሥነ ልቦና መጽሐፍ፣ «ቆም ብሎ ራሱን የመጠየቅ ልማድ የሌለው» ብዬ ዘርዝሬ እጽፈዋለሁ። ይርዘም፤ ግድ የለም። እዚህ ግን ተራኪው ሰውዬውን በጎን እየወጋው ነው። ትንሽ ነቀፋ ቢኖርበት አይጎዳም።

ጠያቂው፦
እኔ ደግሞ ሌሊት «እኔስ የማይል» የሚል መጥቶልኝ ነበር። ሰው ሲያማ «እኔስ?» ብሎ የማይጠይቅ። ጠዋት ሳነበው ሳቄ መጣ። «እኔስ?» እኮ ምግብ ሲታደል የቀረበትም ሰው ይላታል።

ተርጓሚዋ፦
ሃሃ! ሰውዬው ያቺኛዋን «እኔስ» አጥቷት አያውቅም፤ እርግጠኛ ነኝ።

ልጅ እግሩ፦
ግን ጥያቄው እኮ አንድ ቃል ነበር። «ራሱን ታዝቦ የማያውቅ» ሦስት ቃል ነው።

የግዕዝ ተማሪው፦
አማርኛ ዓረፍተ ነገርን አጥፎ ቃል ማድረግ ያውቅበታል፤ ግን ጊዜ ይፈልጋል። «ማን አለብኝ» ጥያቄ ነበር፤ ዛሬ «ማንአለብኝነት» ሆኖ በዜና ይነበባል። «ይሉኝታ»ም እንደዚያው ነው። ለአሁኑ «የማይ» እያልን በሐረግ መናገር ነውር የለውም። የእኛ ቅጽል አብዛኛው እንደዚያ ነው።

ልጅ እግሩ፦
«አይበገሬ»፣ «አይነኬ»፣ «አይደፈሬ» ካልን «ራስ አይታዘቤ» ማለት አይቻልም?

መምህሩ፦
አሠራሩን አልነቅፈውም። ግን እነዚያ ሦስቱ የጀግና ስም ይመስላሉ። ሰውዬው ሰምቶ እንደ ማዕረግ እንዳይወስደው!

ጠያቂው፦
አመሰግናለሁ፤ እግዜር ይስጥልኝ። «ሁሉን ይታዘባል፤ ራሱን ግን ታዝቦ አያውቅም» ብዬ ጽፌ ለእህቴ አነበብኩላት። ሆስፒታል አላነሣችም። «ማንን ነው?» ብላ ዝም አለች።

አንድ ነገር ግን ቀረኝ። ርእሱ ላይ ስም ያስፈልገኛል፤ ጸባዩ ራሱ ምን ይባላል?

ተርጓሚዋ፦
«ራስን አለመታዘብ»። «ኢ-ራስ-ታዛቢነት» ልትል ካሰብክ እኔ የለሁበትም።