የእናቴ 6 ዓመት የት ገባ?

ሰላም ወገኖች፣ የጡረታ ነገር የሚያውቅ ሰው ቢያማክረኝ ብዬ ነው። እናቴ 34 ዓመት አስተምራ ዘንድሮ 60 ሞላት። ጡረታዋ ሲሰላ ግን 28 ዓመት ብቻ ተያዘላት። የመጀመሪያዎቹ 6 ዓመታት የቅጥር ደብዳቤ ማህደሯ ውስጥ የለም። ወረዳው ለሁለት ሲከፈል የት እንደገባ እንጃ።

ልዩነቱ ቀላል አይደለም። ለ10 ዓመት አገልግሎት ከመጨረሻው ሦስት ዓመት አማካይ ደመወዝ 30 በመቶ፣ ከዚያ በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይታሰባል። 60 በመቶ ማግኘት ሲገባት 52.5 ላይ ቀረች ማለት ነው። ዕድሜ ልኳን!

የሚያንገበግበኝ ደግሞ ሌላ ነው። አብራት የተቀጠረች ጓደኛዋም ደብዳቤ አልነበራትም። የድሮ ፔሮል አቅርባ ሙሉው ተያዘላት። እኛም ያንኑ ፔሮል ይዘን ሄድን። ጠርዙን አይጥ በልቶታል እንጂ የእናቴ ስም ከነፊርማዋ ቁልጭ ብሎ ይታያል። «ኦርጅናል ደብዳቤ አምጡ» ተባልን።

ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ እንዳለ አውቃለሁ። ግን እስካሁን ሁሉም ነገር በቃል ነው፤ በጽሑፍ ስጡን ስንል ነገ ይሉናል። እንዲህ የገጠመው ሰው የጽሑፍ ውሳኔውን እንዴት አስወጣ? የጓደኛዋን ጉዳይስ በማስረጃነት ማንሳት ይቻላል? እሷን ጣጣ ውስጥ መክተት ግን አልፈልግም።