«ተመሳሳይ የትምህርት ዓይነት አይደለም» ተብሎ ከዕድገት ውድድር መውጣት፦ ፍርድ ቤት ወይስ ቦርድ?

ሒሳብ ሹም፦

ጤና ይስጥልኝ። አንድ ባንክ ለከፍተኛ የብድር ኦፊሰርነት ያወጣው የውስጥ ማስታወቂያ «በአካውንቲንግ፣ በማኔጅመንት፣ በኢኮኖሚክስ ወይም በተመሳሳይ የትምህርት ዓይነት የመጀመሪያ ዲግሪና 4 ዓመት አግባብ ያለው የሥራ ልምድ» ይላል። አመልካቹ ዲግሪው በኅብረት ሥራ ነው። ልምዱ 6 ዓመት ሲሆን 3ቱ በዲፕሎማ እያለ የተሠራ ነው። የዕድገት ኮሚቴው «ትምህርቱ አይመሳሰልም፤ ልምዱም ከዲግሪ በኋላ ሲቆጠር 3 ዓመት ብቻ ነው» ብሎ ለፈተና እንኳ አላቀረበውም። ለሰው ሀብት የገባው ቅሬታ መልስ ሳያገኝ 5 ወር ሞላው። ክሱ የት ይቀርባል? ቅሬታውስ ይርጋውን (ክስ የሚቀርብበትን የጊዜ ገደብ) ያቆመዋል?

ነገረ ፈጅ፦

ከይርጋው እንጀምር፤ ስንት ጥሩ ክስ የሚወድቀው እዚያ ላይ ነው። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ጠቅላላው የይርጋ ጊዜ 1 ዓመት ነው። የደመወዝና የሌሎች ክፍያዎች ጥያቄ ግን በ6 ወር ይታገዳል። ለሰው ሀብት የተጻፈ ቅሬታ ይርጋ አያቋርጥም። የሚያቋርጠው የሥራ ክርክር የመወሰን ሥልጣን ላለው አካል ወይም አዋጁን ለሚያስፈጽመው መሥሪያ ቤት የቀረበ አቤቱታ፣ አለዚያም አሠሪው መብቱን በግልጽ ማመኑ ነው። «ጉዳዩ እየታየ ነው» የሚል ደብዳቤ ደግሞ ማመን አይደለም። ስለዚህ ለዕድገቱ ጥያቄ 7 ወር ያህል ቀርቷል፤ የደመወዝ ልዩነትም የሚጠየቅ ከሆነ ግን የመጀመሪያው ወር ልዩነት ሊያልፍበት ነው።

የት ለሚለው፦ አዋጁ የዕድገት አሰጣጥን በወል የሥራ ክርክር ዝርዝር ውስጥ ስለሚጠቅስ የባንኩ ጠበቃ የመጀመሪያ መቃወሚያ «ጉዳዩ የወል ክርክርን የሚያየው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ወሳኝ ቦርድ ነው» የሚል ይሆናል። ሰበር ሰሚ ችሎት ክርክሩን የሚለየው ግን ውጤቱ የሚነካው ማንን ነው በሚለው ነው፦ ሠራተኛውን በግሉ ወይስ ሠራተኞችን በጋራ? «የእኔ ማስረጃ በማስታወቂያው መሠረት ብቁ ሆኖ ሳለ ያለአግባብ ወጣሁ» የሚል ክስ የግል ነው፤ ለሥራ ክርክር ችሎት ይቀርባል፤ ሠራተኛው የዳኝነት ክፍያ አይከፍልም። ሠራተኞችን ሁሉ የሚነካ «የዕድገት መመሪያው አንቀጽ ይሻር» ብላችሁ ከጻፋችሁ ግን መቃወሚያውን በገዛ እጃችሁ አቀበላችሁ ማለት ነው።

ማኅተም፦

ኮሚቴው ሁለት ምክንያት ሰጥቷል፤ ለየብቻ ይመቱ። አንዱ ከጸና ሌላውን ማሸነፍ ፋይዳ የለውም።

ልምዱን በተመለከተ ማስታወቂያው «ከዲግሪ በኋላ» አይልም። ቃሉ በኅብረት ስምምነቱም ሆነ በዕድገት መመሪያው ከሌለ ኮሚቴው ምዝገባ ከተዘጋ በኋላ አዲስ መስፈርት ጨምሯል ማለት ነው። ግን መመሪያውን እስከ መጨረሻው ገጽ አንብቡት። የልምድ አቆጣጠር ብዙውን ጊዜ አባሪ ሠንጠረዥ ውስጥ ነው የሚቀመጠው። የዲፕሎማው ዓመት በግማሽ ይያዝ የሚል ካለ 3ቱ ዓመት 1 ዓመት ከ6 ወር ይሆናል፤ ከዲግሪው 3 ዓመት ጋር 4 ዓመት ከ6 ወር። መስፈርቱን ያልፋል! የልምድ ደብዳቤውም ይታይ። «በባለሙያነት ሠርቷል» የሚል ደረቅ ወረቀት አይረዳም። የመደቡ ስም፣ ከመቼ እስከ መቼ በቀን፣ በወርና በዓመት፣ የተሠራው ተግባርና ከደመወዝ ግብር መቆረጡ ይጻፍበት።

ስለ «ተመሳሳይ» ደግሞ የዲግሪው ስም ላይ አትከራከሩ። ትራንስክሪፕቱን ከሥራ መዘርዝሩ ጎን አስቀምጡት፦ አካውንቲንግ፣ ፋይናንስ፣ የብድር አስተዳደርና ስታቲስቲክስ ስንት ክሬዲት ሰዓት ተወስዷል? ከዩኒቨርሲቲው የትምህርት ክፍል የሚጻፍ ደብዳቤ ፍርድ ቤቱን ባያስገድድም ሚዛን ይደፋል። ከሁሉ የሚበልጠው ግን ባንኩ ራሱ ከዚህ በፊት በዚያው ዲግሪ በዚያው መደብ የመደበው ሰው መኖሩ ነው።

አንድ ሳንካ፦ ዲግሪው ከግል ተቋም ከሆነ ዕውቅናው የሚሰጠው በፕሮግራምና በካምፓስ መሆኑን አትርሱ። የተቋሙ ስም መታወቁ ብቻ አይበቃም፤ ሰውየው የተማረበት ካምፓስ በዚያን ጊዜ ፈቃድ ነበረው ወይ? የውጭ አገር ዲግሪ ከሆነ ከትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን የአቻ ግምት ይያዝ። ክስ ከመመሥረቱ በፊት ይጣራ፤ ባንኩ በመልሱ ቢያነሳው መውጫ የለም።

ሒሳብ ሹም፦

እናመሰግናለን። የኮሚቴውን ቃለ ጉባኤ ባንኩ «ምስጢር ነው» ብሎ ከልክሏል። ዳኝነቱስ «ዕድገቱ ይሰጠኝ» ተብሎ ይጠየቅ?

ነገረ ፈጅ፦

ቃለ ጉባኤውን ከክሱ ጋር በማስረጃ ዝርዝር ውስጥ «በተከሳሽ እጅ የሚገኝ» ብላችሁ ጥቀሱትና በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 145 መሠረት እንዲቀርብ ትዕዛዝ ጠይቁ። የቀድሞ ምደባዎቹም በዚሁ መንገድ ይምጡ፤ ነገር ግን መደቡንና ዓመቱን ለይታችሁ ካልጠቀሳችሁ «ማስረጃ ማሰስ ነው» ተብሎ ውድቅ ይሆናል።

ዳኝነቱን በተመለከተ ሰውየው ፈተና አልተቀመጠም፤ ነጥብ የለውም። ችሎት የኮሚቴን ነጥብ ደምሮ ዕድገት አይሰጥም። ስለዚህ ዋናው ጥያቄ «ከውድድር የወጣሁበት ውሳኔ ተሽሮ ውድድሩ እኔን ጨምሮ በማስታወቂያው መስፈርት እንደገና ይካሄድ» ይሁን። ፈተና አልፎ በነጥብ 1ኛ ሆኖ የተዘለለ ሰው ከሆነ ግን ምደባውንና የደመወዝ ልዩነቱን መጠየቅ ያስኬደዋል።

የማኅበር ጸሐፊ፦

ከላይ ያልተነሳ ነገር፦ መደቡ ላይ ቀድሞ የተመደበው ሠራተኛ አለ። እሱ ሳያውቅ ምደባው ቢፈርስ በዚሁ የሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 358 መቃወሚያ ይዞ ይመጣና ፍርዱ እንደገና ይታመሳል። ከመጀመሪያው ወደ ክርክሩ እንዲገባ ቢደረግ ይሻላል።

ሌላው፣ የተወዳደሩበት መደብ ሥራ አስኪያጅነት ቢሆን ባንኩ «የሥራ መሪ ስለሆነ አዋጁ አይመለከተውም» ይል ነበር። ያ ደግሞ በመደቡ ስም ሳይሆን የመቅጠር፣ የማዛወር፣ የማሰናበት ዓይነት ሥልጣን በተግባር በመኖሩ ነው የሚለየው። የብድር ኦፊሰር ይህ ስለሌለው እዚህ ላይ አያሰጋችሁም። ፍርዱ ቅር ካሰኘ የይግባኙ ጊዜ 30 ቀን ነው፤ የውሳኔውን ግልባጭ በዕለቱ ጠይቁ።